የቦኑ ሚኒስትርና የኤግሊንተኗ ሱቄ

በኛ ጊዜ፣ ልጆች፣ ሚኒስትር ማለት ሲያልፍ መንገዱን ሁሉ ዳር የሚያስይዝ ሰው ነበር። እኔ ግን ቶሮንቶ ከመምጣቴ በፊት ቦን፣ ያኔ የምዕራብ ጀርመን ዋና ከተማ በነበረችው፣ የአንድ የጀርመን ኢኮኖሚ ሚኒስትር ቤት እያጸዳሁ፣ እያበሰልኩ ዓመታት ኖሬአለሁ፣ እና ሰውየው ቆሻሻውን ራሱ ነበር አውጥቶ የሚጥለው። አትሳቁ፣ እውነቴን ነው።

መጀመሪያ ጠበቃ ነበር። ፓርቲው ሊበራል ነው፣ ትንሽዬ ፓርቲ፣ ግን ሁለቱ ትልልቅ ፓርቲዎች ያለሷ መንግሥት ማቆም ስለማይሆንላቸው ሁለቱም ይለማመጧታል፣ እና በዚያ በኩል ፓርላማ ገባ፣ ከዚያ ሚኒስትር ሆነ። ወሬው ሁሉ አንድ ነው፤ ነጋዴውን ተዉት፣ ይወዳደር፣ ገዢው ይምረጥ። ቁርስ ላይ ይሄው፣ እራት ላይ ይሄው።

ታዲያ አንድ ቀን የትውልድ ከተማው ሰዎች ቤቱ ድረስ መጡ። የጨርቅ ፋብሪካ አላቸው፣ ከውጭ ርካሽ ጨርቅ እየገባ ሊዘጋባቸው ነው፣ እና አንተ ልጃችን አይደለህም ወይ፣ አስከልክልልን አሉት። ሻይ እያቀረብኩ እሰማለሁ።

‹‹ለናንተ ብዬ በሩን ብዘጋ፣ ሸሚዝ የሚገዛውን ድሃ ምን ልበለው?›› አላቸው።

አኩርፈው ሄዱ። በኋላ መንግሥቱ ራሱ ጨርቁ ይከልከል ብሎ ሲወስን ሰውየው ሥልጣኑን ለቀቀ፣ በምርጫውም እነዚያው የአገሩ ሰዎች ጣሉት። መራጭም ገዢ ነው፣ ሌላ ሱቅ ሄደ አለና ሾርባውን ጠጣ። እኔ በሆዴ ሞኝ ብዬዋለሁ።

እና በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ መጀመሪያ ቶሮንቶ መጣሁ፣ ኤግሊንተን ዌስት የሚባል መንገድ ላይ በጃማይካኖቹ መሀል በርበሬና ሽሮ የምሸጥባት ሱቅ ከፈትኩ። ልጆቼን የማሳድገው በሷ ነበር፣ ሌላ ነገር አልነበረኝም። ታዲያ አልማዝ የምትባል የጄን ኤንድ ፊንች ሰፈር ልጅ ከኔ ሁለት በር አልፋ ያንኑ በርበሬ፣ ያንኑ ሽሮ ይዛ አትከፍት መሰላችሁ! ደነገጥኩ፣ ለምን እዋሻለሁ፣ እንቅልፍ አጣሁ።

ሽማግሌዎች ሰሙ። ጋሽ ተሰማ፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ ሁለት ሰው አስከትለው መጡ፤ ነውር ነው፣ እህት በእህቷ ገበያ ላይ አትገባም፣ ቀዳሚዋ አንቺ ነሽ፣ እኛ ተናግረን እናስነሳታለን፣ አንቺ እሺ በይ ብቻ አሉኝ። ልጅቷ የሽማግሌ ቃል አታፈርስም፣ እሺ ብል ትዘጋለች። ያን ጊዜ የቦኑ ሚኒስትር ትዝ አለኝ።

‹‹ትሽጥ፣ ጋሼ›› አልኳቸው። ‹‹እኔም እሸጣለሁ። ገዢው ይምረጥ።››

‹‹ልጆችሽስ?››

‹‹እሷም ልጆች አሏት።››

ጥጋብ መሰላቸው፣ ጀርመን አበላሽቷታል እያሉ ወጡ።

ብዙም ሳይቆይ ገበያዬ ቀዘቀዘ። አንድ ቅዳሜ በሬ ላይ ቆሜ ባይ፣ ጋሽ ተሰማ ከአልማዝ ሱቅ ፌስታል አንጠልጥለው ይወጣሉ። ሊሸሹኝ ፈለጉ፣ አውቶቡሱ የሚቆመው ግን በኔ በኩል ነው። ምን ገዙ ብላቸው በርበሬ አሉ፣ መሬት መሬቱን እያዩ። እሷ ጋ ይረክሳል፣ ልጄ፣ ጥሩም ነው አሉኝ።

‹‹ያን ቀን እሺ ብዬዎት ቢሆን፣ ዛሬ ከማን ይገዙ ነበር?››

‹‹ካንቺ ነዋ።››

‹‹በስንት?››

ትንሽ አሰብ አደረጉና፣ ‹‹አንቺ ባልሽው›› አሉኝ፣ እና ሳቃቸው አመለጣቸው፣ እኔም ሳቅሁ።

ከፌስታሉ ቆንጠር አድርጌ ቀመስኩ፣ እውነትም ጥሩ ነው። ሰኞ ዋጋዬን ቀነስኩ፣ በርበሬዬንም ቅመም ጨምሬ እንደገና አስፈጨሁ፣ ጋሽ ተሰማም ተመለሱ። እንዲህ እየተፎካከርን ሁለታችንም በየሱቃችን ልጆቻችንን ለወግ ለማዕረግ አበቃን። ሰኞ ቀነስኩ አላልኳችሁም? ማክሰኞ እሷም ቀነሰች፣ ይቺ ሰይጣን። ሃሃ!