ቻይ ከረጢት

የሰገነቱ ትልቁ የተክል ከረጢት ታቹ ተቀደደ፤ አፈሩ ከነቲማቲሙ የታች ቤቷ ሴትዮ ባሰጣችው ነጭ አንሶላ ላይ ወረደ።

ከረጢቶቹን መርጦ ያመጣው ቀለም ነጋዴው ነበር። ባሏ የሞተባትን ነርስ አግቢኝ ብሎ ጠይቋታል። ዛሬ መልሷን ሊሰማ፣ በዚያውም የተቀደደውን ሊተካ፣ ያንኑ ዓይነት ከረጢቶች ታቅፎ መጣ። ከውሃ ታንከሩ አጠገብ ወንበር ስባ አስቀመጠችው። እሷ ጎንበስ ብላ ሰገነቱ ላይ የቀረውን አፈር በትንሽ አካፋ ትሰበስባለች። ታላቅ ወንድሟ ሸራ ሰፊው ደግሞ የተገለበጠ ባልዲ ላይ ተቀምጦ፣ ከአሮጌ የጭነት መኪና ሸራ አዲስ ከረጢት ይሰፋል።

ሸራ ሰፊው ብዙ የሚናገር ሰው አይደለም። ነጋዴው መጀመሪያ ቀን ሲመጣ ገና በር ላይ አውቆታል፤ ነጋዴውም አውቆታል። በጉርምስናቸው አንድ መጋዘን ውስጥ አብረው እህል ተሸክመዋል። ነገር ግን ሁለቱም እንደ አዲስ ሰው ተጨባብጠው ዝም አሉ። እህቱ ይህን አታውቅም። ቢነግራት «ብቻዬን እቀራለሁ ብለህ ነው» እንዳትለው ይፈራል። ዝም ካለ ደግሞ ልትሄድ ነው። ክሩን በጥርሱ በጠሰና ወሬ ጀመረ፤ ለእሷ ብቻ፣ ዓይኑን ከመርፌው ሳያነሳ።

«እንዴት ዋልሽ እታለም? ሌሊት ተረኛ ነበርሽ መሰለኝ፣ ዓይንሽ ቀልቷል። ሰማዩ ግን ጥርት ብሏል፤ ለልብስም ለአፈርም ጥሩ ፀሐይ ነው። ታች ቤቷ ሴትዮ እንኳ አንሶላዋን ደግማ አጥባ አሰጣች… አየሻት? ከእኛ ጠርዝ ፈቀቅ አድርጋ። ብልህ ሴት! አንዴ ከወረደባት ተማረች። ስንቱ አለ፣ አንገቱ ድረስ ተቀብሮ ‹ዝናብ ይሆናል› የሚል።

«ከረጢቱን እንኳ አላማውም። ምን በድሎኝ? ሲያምር! እንዲህ የሚያብለጨልጭ አረንጓዴ በዕድሜዬ አላየሁም። አፉ ሰፊ፣ ጠርዙ በክር የተጠለፈ፣ ደረቱን ነፍቶ የቆመ… በተለይ ከአንገት በላይ! ከአንገት በላይማ ምን ይወጣለታል? ከአንገት በታች ነው ትንሽ… እሱም ቢሆን አፈር እስኪገባበት ማን ያውቃል? ባዶውን የቆመ ከረጢት ሁሉ ጨዋ ነው።

«ላም አለኝ በሰማይ ሲባል እሰማ ነበር። የእኛ ደግሞ ቲማቲም አለኝ በሰማይ ሆነና ፍሬዋን ታች ቤት ለቀሟት። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የተባለውም ለዚህ ድር አልሆነም፤ ይሄኛው ቢያብርም ባያብርም ቲማቲም አያስርም። ምን ያድርግ? ነጠላ ስፌት ነው። አንዱን ጫፍ ይዘሽ ሳብ ስታደርጊው ሌላው ሁሉ ተከታትሎ ይፈታል። ውሸትም እንዲሁ ነው ይላሉ… እኔ እንኳ የማውቀው ስለ ክር ነው።

«እዚህ ጎኑ ላይ ‹ዕድሜ ልክ ያገለግላል› ተብሎ ተጽፎበታል። አነበብኩት። የማን ዕድሜ እንደሆነ ግን አልጻፉም። የዝንብም ዕድሜ፣ ዕድሜ ነው።

«የአዲሱን ታች ደግሞ ገልብጬ ሳየው… ውሃ ማውጫ የሚሆን አንድ ቀዳዳ የለውም። ለመድኃኒት እንኳ! ውሃ ብታጠጪው ይቀበላል፤ ብትደግሚለት ይቀበላል። መቀበል ላይማ ማን ይስተካከለዋል? ከእሱ ጠብ የሚል ነገር ግን የለም። እንዲህ ያለውን ‹ቁጥብ ነው› ይሉታል… ከረጢቱን ማለቴ ነው። ችግሩ ሥር ውስጥ ለውስጥ ይበሰብሳል። ከላይ ቅጠሉ ለምለም ነው፤ ጎረቤት አንጋጦ ‹እንዴት ያማረ ትዳር› ይላል… ውይ! እንዴት ያማረ ተክል ማለቴ ነው። ዛሬ ምላሴ እንደ ክሬ ይጠላለፋል።

«እጀታውንስ አየሽው? ሁለት ነው፣ ጠንካራ። እኔ ግን አንድ ነገር አልገባኝም። ተክል እኮ አንዴ ከተተከለ ይቀመጣል፤ የት ሊሄድ ነው እጀታ የሚያበዛው? እጀታ የበዛበት ዕቃ ገና ሲሰፋ ጀምሮ መሄዱን ያስባል። ሲሄድ ደግሞ ምን ይዞ እንደሚሄድ…»

ነጋዴው ወንበሩ ላይ ተመቻቸ፤ ጉሮሮውን ጠረገ። ሸራ ሰፊው ወደ ሰማይ አየ።

«ነፋስ ተነሳ እንዴ? ሰው የሳለ መሰለኝ… ምን እያልኩ ነበር? አዎ፣ ምርጫ። ከረጢት ሱቅ ውስጥ መብራት ሥር ሆኖ አይመረጥም፤ እዚያ ሁሉም ያበራል። ወደ ደጅ ታወጪዋለሽ። ጥጉን በሁለት ጣትሽ ይዘሽ ወደ ፀሐይ ታነሺውና አሻግረሽ ታያለሽ። ብርሃን ካሳለፈ ተዪው፣ ከርሞ ዱቄት ይሆናል። ስፌቱን በጥፍርሽ ትቆነጥጪዋለሽ። ከዚያ ገልብጠሽ ውስጡን ማየት ነው። እኔ ሳልገለብጥ ገዝቼ አላውቅም። ሰውን ግን ገልብጠው አያዩትም፤ ነውር ነው። ቀለም ከተቀባማ ጭራሽ!

«ቀለም ስል ደግሞ፣ ክቡር ሙያ ነው። በቀለም ስንት የተሰነጠቀ ግድግዳ እንግዳ ተቀብሏል መሰለሽ? ‹ግባ› ብሎ፣ ‹ተደገፈኝ› ብሎ! እንግዳው የተደገፈ ቀን ነው እንጂ…

«አንድ ሰው… ማን ነበር እንኳ… እዚሁ ቤት ሻይ ይዞ ‹እኔ የምፈልገው ቻይ ሴት ነው› ሲል ሰምቼ ነበር። ደስ አለኝ! እንዴት ያለ ራሱን የሚያውቅ ሰው! እኔም ይህን ሁሉ ዘመን ሸራ ስሰፋ የተማርኩት ይህንኑ ነው። ራሱ የማይችል ዕቃ ሁልጊዜ ቻይ ባለቤት ይፈልጋል። ከረጢቱ ቻይ ከሆነ ባለቤቲቱ እግሯን ዘርግታ ቲማቲሟን ትበላለች። ከረጢቱ ካልቻለ… ባለቤቲቱ ትችላለች። ጎንበስ ብላ አፈር ትለቅማለች። ታች ወርዳ ስለ አንሶላው ይቅርታ ትለምናለች። ውላ አድራ ደግሞ ‹ጥፋቱ የእኔ ነው› ማለት ትጀምራለች። ትናንት ‹ውሃ አብዝተሽበት ነው› ያለሽ ማን ነበር? ከረጢቱ ነው? አይመስለኝም፤ እሱ አፉ ሰፊ ይሁን እንጂ አይናገርም። ብቻ ከደረጃው ስወጣ ሰማሁት። ድምፁ እንዴት ለስላሳ ነው! ወዲያው ‹አዎ፣ ሳላበዛበት አልቀረሁም› አልሽ። እንዴት ያለሽ ቻይ ነሽ እታለም፤ ገና አፈሩ እንኳ ሳይሞላብሽ።»

የአካፋው ድምፅ ቆመ። እህቱ ቀና አላለችም፤ ግን አፈር መሰብሰቧን ተወች። ሸራ ሰፊው መርፌውን ሸራው ላይ ሰካው። ቀጥሎ የሚናገረውን ነገር ለማንም ተናግሮት አያውቅም ነበር።

«ስለሚችል ነገር ካነሳን አይቀር… ያኔ አንቺ አክስታችን ጋ ነበርሽ። እኔ እህል መጋዘን ውስጥ እሸከም ነበር። ወሬ የሚሆን ነገር የለውም። ብቻ አንድ ጆንያ ነበረን፣ ለእኔና ለአንድ ባልንጀራዬ። እግራችንን ከተን፣ ጀርባችንን ገጥመን መጋዘኑ በር ላይ እንተኛበታለን። ሁለት የተራበ አጥንት ሲያገላብጠው ከርሞ አልተቀደደም። እጀታ አልነበረውም፣ ቀለም አልነበረውም።

«ክረምቱ ሲብስ ታመምኩ። ትኩሳቱ ሲያንዘፈዝፈኝ ባልንጀራዬ እንዴት ደግ ሆነልኝ! ‹አንተ ተኛ፣ እኔ ነቅቼ እጠብቅሃለሁ› አለኝ። አፉ ሲያምር… ያኔም ያምር ነበር። ስነቃ ጆንያው የለም። ባልንጀራዬም የለም።

«እኔ በባልንጀራዬ ክፉ አላስብም። ጆንያው ነው ባለጌ! እግር አወጣና ተነስቶ ሄደ። ያ ምስኪን ደግሞ ሊመልስልኝ ከኋላው ሮጠ መሰለኝ። ይኸው እስካሁን እየሮጠ ነው። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይላሉ፤ እኔ ምን ልጠርጥር? ሰው ጀርባውን ሰጥቶኝ ተኝቶ፣ ጀርባውን ሰጥቶኝ ይሄዳል ብዬ? ሲሮጥ ደግሞ መንገድ ላይ ብዙ ነገር ይገጥመዋል። ሱቅ ይከፍታል፣ ሆድ ያወጣል፣ ከረጢት ይመርጣል… ሮጦ ሮጦም የደከመው ዕለት ማረፊያ ይፈልጋል። ሲታመም የምታስታምመው ነርስ ብትሆን ደግሞ ምን ክፋት አለው? ብልህነት ነው!

«እኔማ አልሞትኩም፣ ይኸው አለሁ። የመጋዘኑ ዘበኛ የመኪና ሸራ ጣል አድርጎብኝ ተረፍኩ።»

ነጋዴው ተነስቶ ቆሟል። እህቱም ቀና ብላ አየችው። ፀሐይ ፊት ለፊት መትቶታል፤ ፊቱ ቀለሙን ለቋል። ላብ ከግንባሩ ቁልቁል ይወርዳል። ማንንም አላየም፣ ወደ ደረጃው ብቻ ያያል። ሸራ ሰፊው መርፌውን ነቅሎ ስፌቱን ቀጠለ።

«ቂም ግን የለኝም እታለም። ቂም የሚይዘው ታቹ ቀዳዳ የሌለው ነው። ያንን ባልንጀራዬን ባገኘው አንድ ክፉ ቃል አይወጣኝም፤ እመርቀዋለሁ እንጂ። እንዲህ ነው የምለው፦ ዕድሜህ ይርዘም። ቤትህ ይሙቅ። ብርድ አይንካህ፣ እስከ ዛሬም አልነካህ። የታመምክ ቀን ደግሞ ከራስጌህ ቁጭ ብሎ የሚጠብቅህ… ልክ እንዳንተ ያለ ሰው ይስጥህ። አሜን በይ እንጂ እታለም፤ ምርቃት ያለ አሜን አይያዝም።»

እህቱ አፈር የነካ እጇን በሽርጧ ጠረገች። የነጋዴውን ኮት ከወንበሩ መደገፊያ አንስታ አቀበለችው። አዲሶቹን ከረጢቶችም አንድ በአንድ አጣጥፋ በኮቱ ላይ ደረበችለት።

ነጋዴው ደረጃውን ወረደ። ሰገነቱ ላይ እህትና ወንድም ቀሩ።