አባቴ ያልጣላት ጥቁር ድንጋይ

«ዓይንህ ያታልልሃል፤ እጅህን ጠይቅ» ይለኝ ነበር አባቴ፣ ነፍሱን ይማረውና። ክብረ መንግሥት ወንዝ ዳር ወርቅ ስናጥብ ሌላው ሰው የሚወረውረውን ጥቁር ከባድ ድንጋይ እሱ አይጥልም። «እግዜር ይህን ያህል ያከበደውን ነገር ለከንቱ አልፈጠረውም» እያለ በከረጢት ያጠራቅማል። ሰፈሩ ሁሉ ይስቅበት ነበር። እኔም አፍሬ አንድ ቀን ከረጢቱን ወንዝ ውስጥ ደፋሁት። አልተቆጣኝም፤ ውሃው ውስጥ ገብቶ አንዲቷን ብቻ ፈልጎ አወጣ። እሱ ሲያርፍ እሷን ይዤ ነገሌ ገባሁ፤ በራችንን ንፋስ እንዳይዘጋው ማስደገፊያ አደረግኳት።

በቀደም ማዕድን የሚያጠና አንድ እንግዳ «አካም አባባ፣ ናጋ?» ብሎ በኦሮምኛ ሰላምታ ሰጥቶ ውሃ ሊጠጣ ሲገባ ድንጋዪቱ እግሩን መታችው። አንስቶ በእጁ መዘናት፤ ፊቱ ተለወጠ። «ይቺ እኮ ታንታለም ያለባት ናት! ከእሷ የሚወጣው ብረት ስልክ ውስጥ ሁሉ ይገባል» አለኝ። ያ የደፋሁት ከረጢት ፊቴ ድቅን አለ። የአባቴን ነገር ሁሉ ነገርኩትና «ታዲያ ሞኝ አልነበረም ማለት ነው?» አልኩት። ድንጋዪቱን በሁለት እጁ መለሰልኝ፤ እንዲህም አለኝ፦

«አባትዎስ ሞኝ አልነበሩም አባባ፤ የድንጋዩን ስም የሚነግራቸው ሰው ነው ያጡት።»