ለርክክብ የሄድን ዕለት
እንደኔ ያለ የቀበሌ መሬት ኮሚቴ ሰብሳቢ እንዲህ ያለ ነገር ማውራት አይገባውምና ከወዲሁ ይቅርታ። ከአምበር ወጣ ብላ ባለችው ቀበሌያችን አያ ሙላትና እትዬ ጥሩወርቅ በአንድ ማሳ ሲካሰሱ ኖረው ፍርድ ቤቱ ለአያ ሙላት ፈረደ። እትዬ ጥሩወርቅ ባሏ ከሞተ ወዲህ የምትተዳደረው በዚያው ማሳ ነው። ቢሆንም ሕግ ሕግ ነው ብዬ፣ ከከተማ የመጣውን የአፈጻጸም ሠራተኛ አስከትዬ ላስለቅቃት ወረድኩ። ስንደርስ አያ ሙላት በሬዎቹን ጠምዶ ያንኑ ማሳ ያርሳል።

“እንኳን ደስ ያለህ አያ ሙላት! ሳንመጣ ተረከብከው?” አልኩት።

“የምን ርክክብ! ማክሰኞ ልጇ በሬዎቿን ይዞ ለእኔ ሲያርስ ውሏል፤ ዛሬ ወንፈሉ የእሷ ነው።”

እትዬ ጥሩወርቅ ከዳር ሆና “ጠለቅ አድርገህ እረስ እንጂ! ዳኛው ፊት እንዲያ የተንሰፈሰፍክለት መሬት ነው!” አለችው።

“አንቺ ዘርሽን አዘጋጂ!”

ሠራተኛው ግራ ገብቶት “ታዲያ መቼ ትረከባለህ?” አለ።

“በእጄ ያረስኩላትን ሳታጭድ ላስለቅቃት?”

“ካጨደች በኋላስ?”

“ከዚያማ ውቂያ አለ፤ እሱም በወንፈል ነው። ይልቅ ጤፍ ሳይረገጥ አይዘራምና ጫማችሁን አውልቃችሁ ግቡ!”

ገባን። ለቢሮው “ጭቃ ይዞን ሳናስለቅቅ ተመለስን” አልን፤ እስከ ጉልበታችን ይታይ ስለነበር ማንም አልተጠራጠረም። አደራ፣ ይህን ለማንም አታውሩ። በተለይ አያ ሙላት እንዳይሰማ፤ እሱ እስካሁን ከእሷ ጋር የተጣላ ይመስለዋል።