ዘይነባ ለማን ዘፈነች

በእኛ ጊዜማ አርቲስት የሚባል ነገር አልነበረም ልጄ፤ አዝማሪ ነበር የሚሉን፣ እሱም ፊት ለፊት ሲያገኙን ነው፣ ዘወር ስንል የሚሉንን ደግሞ እኔ አልነግርሽም። ቆይ እስቲ፣ ይሄ ስልክ አሁን እየቀዳ ነው? ማን ነው የሚሰማው? "የሴት ዘፋኞችን ሕይወት እየሰበሰብን ነው እማማ ሙሉ፣ ለትምህርት ነው" አልሽኝ፤ እሺ ይሁን። በጦርነቱ ጊዜም ብዙ ሰው መጥቶ ጠይቆናል፣ ሁሉም ለደግ ነው እያለ። እና የፈለግሁትን እነግርሻለሁ፣ ያልፈለግሁትን ብትጠይቂኝም ዝም ነው።

እኔ እንደምታዪኝ ነኝ። ይቺ ግራ እግሬ ገና ድክ ድክ ስል ትኩሳት ይዞኝ ነው መንምና የቀረችው፣ ከዚያ ወዲህ ምርኩዝ ነው። ከበሮ እመታለሁ። ዘይነባ፣ ያቻት ከማንጎው ሥር የተቀመጠችው፣ እሷን ደግሞ በልጅነቷ ኩፍኝ ዓይኗን ወሰደው፣ ክራር ትጫወታለች። እኔ የመርሳ ልጅ ነኝ፣ እሷ የግራና ናት፤ እኔ ክርስቲያን፣ እሷ እስላም። የተገናኘነው ሰርግ ላይ ነው። እኔን የሙሽራው ወገን ጠራኝ፣ እሷን የሙሽሪት ወገን ጠራት፣ እና የሙሽራው አጎት አየን አየንና "ምነው፣ ሙሉ ሰው ጠፋ? አንዷ አንካሳ፣ አንዷ ዕውር" አለ። ጮክ ብሎ ነው ታዲያ፣ ጆሯችንም የጠፋ መስሎት። ዘይነባ ምን አለችው መሰለሽ፣ "አባባ፣ ዘፈን በእግር አይሄድ፣ በዓይን አይታይ" አለችው። ሰው ሳቀ፣ እኛም ጀመርን፣ እና ከዚያ ቀን ወዲህ አልተለያየንም። እዚሁ መርሳ አንድ ቤት ተከራይተን፣ ወልድያም ስንጠራ ሀብሩ ገጠርም ስንጠራ አብረን እየሄድን፣ እንዲህ ኖርን።

ግን ሰው አያምነንም ነበር፣ ይሄን ያዢልኝ። እንጠራለን፣ እንዘፍናለን፣ ያጨበጭቡልናል፣ ስንወጣ ደግሞ ባለቤቲቱ ዕቃዋን ትፈትሻለች። "ያቺ ዕውር ታያለች እኮ፣ እያስመሰለች ነው" ይላሉ። "ካላየች ታዲያ የክራሩን ክር እንዴት ታጠብቃለች?" ክር በጆሮ ነው የሚጠብቀው ብትያቸው ማን ይሰማሻል። አያምኑንም፣ እኛም አናምናቸውም፣ እንዲያው ተጠራጥረን አብረን እንኖራለን።

ታዲያ ጦርነቱ መጣ። መጀመሪያ ወሬ ነበር፣ ቆቦ ደረሱ፣ ወልድያ ደረሱ ይባላል፣ እና አንድ ጠዋት ከወልድያ የሚመጣው መንገድ በሰው ተሞላ፤ ፍራሽ የተሸከመ፣ ፍየል የሚጎትት፣ የታመመ አባቱን በጋሪ የሚገፋ። መርሳም ተነሣች። ጎረቤት ሁሉ እየሮጠ "ሙሉ፣ ተነሱ እንጂ" ይለናል። በምን እንነሣ? ባጃጅ የለ፣ ሚኒባስ የለ። ዘይነባ "እኔ አንቺን ተሸክሜ፣ አንቺ እኔን እየመራሽ የት ልንደርስ ነው? ሙሉዬ፣ ቁጭ እንበል" አለች። ቁጭ አልን።

ሰፈር ውስጥ የቀረነው ሽማግሌና በሽተኛ ነን። እና ከድጃ። ከድጃ የአጥር ጎረቤታችን ናት፣ ባሏ የሞተባት፣ እናቷ አልጋ ላይ የዋለችባት፣ እናቷን ጥላ መሄድ አልሆነላትም። ሁለት ሴት ልጆች አሏት፤ ትልቋ ሐያት ወልድያ ላለ ነጋዴ ታጭታ ሰርጓ ተቃርቦ ነበር፣ ትንሿ ሰሚራ ገና ተማሪ ናት። ልጆቹን ቆጡ ላይ ከማሽላው ጆንያ ጀርባ ደብቃ ለሰው ሁሉ "ደሴ ልኬያቸዋለሁ" ትላለች። ለእኛም እንዲያ ነበር ያለችን። ዘይነባ ግን በአጥሩ በኩል ሹክሹክታቸውን ሰምታለች፣ ሰምታ ዝም አለች።

ታጣቂዎቹ መርሳን ይዘው እኛ ቤት ለፍተሻ ሲገቡ አንደኛው ዘይነባን ትክ ብሎ አየና "ይቺ ታያለች" አለ። ሌላው ክብሪት ጫረና ወደ ዓይኗ አስጠጋው። ሙቀቱ ሲደርስባት ፊቷን መለስ አደረገች። "አየህ፣ ሸሸች" አለ። "እሳት ነው እኮ ልጄ፣ ይፋጃል" አለችው እሷ። ከዚያ ክራሩን አነሣ፣ ነቀነቀው፣ "ውስጡ ምንድን ነው?" አላት። "ድምፅ ነው" አለችው። አላመናትም፣ ቆዳውን በሳንጃ ሰነጠቀው። ባዶ ነው። "ሬዲዮ ያለበት መስሎኝ" አለና ወረወረው። እኔስ ከዚያ በፊት ፈርቼ የማላውቀውን ያህል ፈራሁ፣ እሷ ግን የተቀደደውን ቆዳ በጣቷ ስትዳስስ ዋለች።

አለቃቸው ደግሞ ሌላ ነው፣ ቀስ ብሎ የሚናገር ሰው ነው፣ እንዲህ ያለውን ሰው እኔ አልወድም። በማግስቱ መጣና "ዘፋኞች ናችሁ አሉኝ። ነገ ከሰዓት በኋላ ከመንገዱ ዳር ያለው ሜዳ ላይ ልጆቼን ታጫውታላችሁ" አለ።

"ክራሬን ቀደዳችሁት" አለች ዘይነባ።

"ከበሮ አለ አይደል?"

እምቢ ማለት ይቻላል እንዴ? አይቻልም። እሱ ሲወጣ ከድጃ ገባች። ያኔ ነው እውነቱን የነገረችን። "ጠርጥረዋል ዘይኑዬ። አንዱ ቆጡን ቀና ብሎ አየና 'ልጆችሽ ደሴ ናቸው አልሽ? እንመለሳለን' አለኝ። ምን ልሁን?"

"በጓሮ አታስወጪያቸውም?" አልኳት እኔ።

"በምን አልፈው? መተላለፊያው ላይ አንዱ ሳል የያዘው ታጣቂ ቆሟል፣ ቀኑን ሙሉ ንቅንቅ አይል።"

ዘይነባ "አብሽሪ" አለቻት። "ነገ እንዘፍናለን። ዘፈን ሰምቶ የሚቀር ጎረምሳ የለም። የዚያን ልጅ ሳል ከመሃላቸው ስሰማ 'ሙሽሪት ተነሽ' ብዬ እቀበላለሁ። ሜዳው ለቤትሽ ቅርብ ነው፣ ሐያት ያንን ከቆጡ ስትሰማ እህቷን ይዛ በወንዙ በኩል ወደ ግራና ትውጣ፣ የእኔ ዘመዶች ይቀበሏታል።"

"ካልመጣስ?"

"ካልመጣ ያንን አልዘፍንም።"

ከድጃ እጇን ሳመቻት። ስማት ቀና አለችና ግን "ልጆቼ እዚህ እንደነበሩ ማንም እንዳይሰማ፣ አደራ። ሳይነኩም ተነኩ ነው የሚባሉት፣ ሐያትን ማን ያገባታል?" አለች። ዘይነባ "ወላሂ ከአፌ አይወጣም" ብላ ማለችላት። እኔ አልማልኩም፣ ግን እሷ ከማለች እኔም እንደማልኩ ነው።

በማግስቱ ሜዳው ላይ ተቀመጥን። እኔ ከበሮውን እመታለሁ፣ እሷ ትዘፍናለች፣ ልጆቹ መሣሪያቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው ዙሪያችንን ከበቡ። እኔ መተላለፊያውን በዓይኔ እፈልጋለሁ፣ አይታየኝም፣ ሰው ጋርዶኛል። ዘይነባ አንዱን ጨርሳ ሌላውን ትቀጥላለች፣ ጉሮሮዋ እየሻከረ ነው፣ እኔ በልቤ አይመጣም፣ አይመጣም፣ ጠርጥሯል እላለሁ። ታዲያ ከኋላ በኩል ኡሁ ኡሁ የሚል ሰማሁ። ዘይነባ ከእኔ ቀድማ ሰምታ ኖሮ ዜማውን አዞረችው፦

ሙሽሪት ተነሽ እናትሽን አትጠብቂ፣
ወንዙ ጎድሎልሻል ጫማሽን አውልቂ።

ደጋገመችው። እነሱ ያጨበጭባሉ።  አንዱ ልጅ ደግሞ፣ ገና ጢም ያላበቀለ፣ "እማማ፣ ትዝታ በይልን" አላት፣ እሷም አለችለት፣ ልጁ ፊቱን በክንዱ ሸፍኖ አለቀሰ። ይሄን አልክድም፣ ትዝታ ብላለታለች። የከድጃ ልጆች ርቀው እስኪሄዱ ጊዜ ያስፈልግ ነበር፣ ደግሞም ልጁ አሳዘናት። ሁለቱም እውነት ነው።

ስንጨርስ አለቃው መጣና "ሙሽሪት ያላችኋት የት ናት?" አለ፣ ቀስ ብሎ። ዘይነባ "ጌታዬ፣ የሰርግ ዘፋኝ ነኝ፣ ሌላ ምን አውቃለሁ" አለችው። አላመናትም፣ አየሁት። የዚያኑ ቀን ከድጃ ቤት ገብተው ቆጡን ገለበጡት፣ ማሽላ ብቻ ነው ያገኙት። ልጆቹ ግራና ደርሰዋል።

ከዚያ ታጣቂዎቹ ለቀው ወጡና የሸሹት የእኛ ሰዎች ተመለሱ። እኔ ተገላገልን ብዬ ነበር። ሰው ግን ሲመለስ ቤቱ ተዘርፏል፣ ከብቱ ተነድቷል፣ እና የቀረውን ሰው በክፉ ዓይን ያየዋል። "እንዴት ተረፋችሁ? ማን አበላችሁ?" አንድ ቀን ሲሳይ የሚባል የሰፈራችን ወጣት፣ ያኔ ሰፈር ጠባቂ ነኝ የሚል፣ ጓደኞቹን ይዞ መጣ። በእኛ ከበሮ ስንቱ ሰርግ ላይ ሲጨፍር ያደገ ነው። "እትዬ ዘይነባ፣ ለእነሱ ዘፍነሻል" አላት።

"ዘፍኛለሁ።"

"ሙሽሪት ተነሽ ብለሻል። ሴቶቻችንን እየጠራሽላቸው ነበር።"

 እኔ ልናገር ስል ዘይነባ እጄን ጨምቃ ያዘችኝ፣ እንዲህ አድርጋ። ሲሳይ ዙሪያውን አየ፣ ክራሩ ተቀዷል፣ ሌላ ምን ይፈትሽ? ከበሮዬን አነሣና "የሰጡሽን እዚህ ውስጥ ነው የደበቅሽው?" ብሎ ቆዳውን በጩቤ ቀደደው። እሱም ባዶ ነው። የክራሩን እነዚያ ቀደዱት፣ የከበሮውን እነዚህ ቀደዱት፣ አንዳቸውም ምንም አላገኙ። ዘይነባን ይዘዋት ሄዱና ብርቱካን ይከማችበት በነበረ መጋዘን አስቀመጧት።

አሁን እይልኝ። ያን ቀን ሜዳው አጠገብ ከከድጃ ቤት በቀር የመርሳ ሰው አልነበረም። ያችን ቃል ለሲሳይ ማን ነገረው? "ሙሽሪት ተነሽ" መባሉን የሚያውቅ ማን አለ? እኔ፣ ዘይነባ፣ ሁለቱ ልጆች፣ እና ከድጃ። ከሃዲ የተባለች ሴት ነገ ተነሥታ ልጆቹ እዚህ ነበሩ ብትል ማን ያምናታል? እኔ፣ ከድጃ ምስጢሯ እንዳይወጣ ብላ ዘይነባን አስጠረጠረቻት ብዬ አሰብኩ። በምርኩዜ ከድጃ ቤት ሄድኩና "ተነሺ፣ መስክሪላት" አልኳት።

"ምን ብዬ?" አለችኝ። ዓይኔን አታይም። "እኔ ምን አውቃለሁ? ልጆቼ ደሴ ነበሩ።"

ለእኔ ነው እንዲህ የምትለኝ። እጅ ስትስም አጠገቧ ለነበርኩት ለእኔ። መጋዘኑ ሄጄ ለዘይነባ ብነግራት "ተያት ሙሉዬ፣ እናት ናት" አለችኝ። "እኔ ልናገር" አልኳት። "ብትናገሪ መሐላዬን ነው የምታፈርሺብኝ፣ ከዚያ ወዲያ አብረን አንኖርም" አለች። ምን ላድርግ? ዝም አልኩ። ሽማግሌዎች ተሰብስበው ሊጠይቋት ቀን ተቆረጠ፣ ሰውም ከአሁኑ ከአገር ትውጣ ይላል። ዕውር ሴት ከአገር ወጥታ የት ትደርሳለች?

ቀኑ ደረሰ። መጋዘኑ ደጃፍ ሰው ሞልቷል፣ ከድጃም አለች፣ ከሴቶቹ ኋላ ቆማለች። አንዱ ሽማግሌ "ዘይነባ፣ ያን ዘፈን ለማን ነው የዘፈንሽው?" አላት። "ለሙሽራ" አለች። "የቷ ሙሽራ?" ዝም። "ንገሪን እንጂ፣ የምንጠይቅሽ እንድትተርፊ ብለን ነው።" ሲሳይ "አያችሁ፣ መልስ የላትም" አለ።

ታዲያ ሰው መንገድ ለቀቀና አንዲት ልጅ ገባች፣ እግሯ በአቧራ ተሸፍኗል፣ ከግራና በእግሯ ነው የመጣችው። ሐያት ናት። ሰው ነግሯት ኖሯል። ከድጃ አይታት "አንቺ ልጅ፣ ተመለሽ" አለች። አልተመለሰችም። ዘይነባ አጠገብ ሄዳ ቆመችና "ሙሽሪት እኔ ነኝ" አለች። "እኔና እህቴ ቆጡ ላይ ነበርን። እሷ ስትዘፍን ነው የወጣነው፣ ባትዘፍን ኖሮ ይወስዱን ነበር። የምትጠይቁት ካለ እኔን ጠይቁኝ።"

ማንም አልጠየቃትም። ሽማግሌው መቋሚያውን ተደግፎ መሬት መሬት አየና "ዘይነባ፣ ወደ ቤትሽ ግቢ" አለ፣ በቃ። ይቅርታ የሚባል ነገር አልሰማሁም። ሲሳይ ከጊዜ በኋላ የከበሮ ቆዳ አምጥቶ ደጃፋችን ጥሎልን ሄደ፣ ገብቶ ግን ሰላም አላለንም።

እና ሐያት ከፈለችበት። የዚያ ነጋዴ ቤተሰብ ሽማግሌ ልኮ "ይቅርብን" አለ። ከድጃ የፈራችው ደረሰ፣ በከንቱ አልፈራችም፣ ይሄንንስ እፈርድላታለሁ። ልጅቷ አሁን ወልድያ ልብስ ትሰፋለች፣ ሳታገባ እስካሁን አለች። ስትመጣ መጀመሪያ የምትገባው እኛ ጋ ነው። አንድ ቀን "ቆጨሽ ወይ?" ብያት "ሴትዮዋ ጉሮሮዋ እስኪደማ ስትጮህልኝ እኔ ደሴ ነበርኩ ልበል?" አለችኝ። እኔ ልጄ በዕድሜዬ ያመንኩት ሰው ጥቂት ነው፤ ያችን ልጅ ግን አምናታለሁ።

"ከእትዬ ከድጃስ ጋር ታረቃችሁ እማማ?" አልሽኝ? እንግዲህ ሰላም እንባባላለን። እሷ ትሁን የነገረችው ሌላ፣ እስከ ዛሬ አላውቅም፣ ዘይነባም እንድጠይቃት አትፈቅድም። በረመዳን ሾርባ ትልክልናለች። ዘይነባ ትጠጣለች፣ እኔ አልጠጣም። የከድጃ እጅ የነካውን እንዴት አምኜ እጠጣለሁ?

(ከማንጎው ሥር ዘይነባ ሳቀች።) "አትስሚያት ልጄ፣ ትጠጣለች። እኔ የተኛሁ ሲመስላት ነው የምትጠጣው፤ ድስቱን በማንኪያ ስትፍቅ እሰማታለሁ።"