የሩዙን ዋጋ ማን ጣለው?

ዝናቡ ገና ሳያባራ ነው ጋሽ ሚዛን አውቶቡስ መጠበቂያው ጣሪያ ሥር የገቡት። እናት አባታቸው ያወጡላቸው ስም ሌላ ነው፤ ሰው የለካላቸውን ነገር ራሳቸው ደግመው ካልለኩ እንቅልፍ ስለማይወስዳቸው መንደሩ ይህንን ስም ሰጣቸው፣ በዚያው ቀረ። በብብታቸው በላስቲክ የተጠቀለለች ትንሽ ከረጢት ይዘዋል። ውስጧ ያለው ከዘንድሮው አዝመራቸው የተቆነጠረ ሩዝ ነው፤ ከተማው እህል ገበያ ወስደው ለማያውቁት ነጋዴ ሊያሳዩት ነው። የገዛ ወንድማቸው የሩዝ መፈልፈያ ከቤታቸው ትንሽ ዝቅ ብሎ ቆሞ ሳለ ማለት ነው። ደጁን ከረገጡ ዓመታት አልፈዋል።

አግዳሚው ላይ አንዲት ወጣት ሴት ብርድ ልብስ ታቅፋ ተቀምጣለች። ቀና ስትል ዓይን ለዓይን ተጋጩ። የወንድማቸው ልጅ ናት። ወደ ኋላ እንዳይመለሱ ዝናቡ፣ ወደ ፊት እንዳይሄዱ አውቶቡሱ ገና ነው። እሷ ተነሥታ ቦታውን ለቀቀችላቸው፤ እሳቸውም ከመቀመጥ ሌላ ምርጫ አላገኙም።

ልጅቱ የተማረች ናት። ወደብ ከተማ ውስጥ ከውጭ እህል በሚያስመጣ ድርጅት ቤት ትሠራለች። አሁን የመጣችው አባቷ ታሞ ከተማው ሆስፒታል ስለተኛ ነው። ሐኪሙ ኩላሊቱ እንደደከመና የሚጠይቀው ዘመድ ካለ ቶሎ እንዲመጣ ነግሯታል። ይህንንም ለጋሽ ሚዛን በሰው ልካላቸው ነበር፤ የመለሱላት ግን "ሰላም በሉልኝ" ብቻ ነበር። የሆስፒታሉ በር ደግሞ እዚያው መንገድ ላይ፣ እህል ገበያው ከመድረሱ በፊት ነው። አውቶቡሱ እዚያ ቆሞ ያልፋል።

ስለ ዝናቡ አወሩ። ስለ መንገዱም አወሩ። ከዚያ ጋሽ ሚዛን መሬት መሬት እያዩ፣ ወንድሜ ሳይሉ፣ "እንዴት ሆነ?" አሉ።

"ስምዎትን ይጠራል" አለች።

ነገሩ እንዲህ ነበር። ወንድማማቾቹ በተጣሉበት በዚያ ክፉ ዓመት አዝመራው የሰመረ ነበር። ወንድማቸው በዘር ወቅት ዋጋው ጥሩ እንደሚሆን ነግሯቸዋል፤ እሳቸውም ያንን ዋጋ ይዘው ብዙ ነገር አሰቡ። ሩዙ ታጭዶ ግቢው ሲሞላ ግን ወንድማቸው ፊታቸው ቆሞ አንገቱን ደፋና፣ "ዋጋው ወደቀ፣ ወንድም ጋሼ" አላቸው። እሳቸውም፣ "ወደቀ አትበለኝ፣ ጣልኩት በል" ብለው መለሱለት። እርጥብ ሩዝ ቀን አይሰጥምና ሸጡለት፤ ከዚያ ወዲያ ግን እግራቸውን ከደጁ አነሡ። አንድ ልጃቸው ይህ ሥራ ሰው አያኖርም ብሎ ሻንጣውን አንጠልጥሎ የወጣውም በዚያው ዓመት ነው። እስከ ዛሬ አልተመለሰም። እንግዲህ ቂማቸው የሩዝ ብቻ አልነበረም።

አውቶቡሱ መጣና ጎን ለጎን ተቀመጡ። ሌላ ቦታ አልነበረም።

"አጎቴ፣ ቅር ካላለዎት አንድ ነገር ልጠይቅዎት" አለች ልጅቱ።

"ጠይቂ። እዚህ ውስጥ ሆኜ የት እሸሻለሁ?"

"ያን ዓመት ዋጋውን የጣለው አባዬ ነው ብለው ያምናሉ?"

"አንቺ ልጅ ሳለሽ እኛ ቤት መጥተሽ ብርጭቆ ስትሰብሪ ምን ትዪኝ ነበር? ወደቀ ነበር የምትዪኝ። አንድም ቀን ጣልኩት ብለሽኝ አታውቂም። ከአባትሽ ተምረሽ ነው።"

ከተገናኙ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀች። ጋሽ ሚዛንም ሊስቁ ምንም አልቀራቸውም፤ ከረጢታቸውን ወደ ደረታቸው ጠጋ አድርገው ሳቃቸውን ተቆጣጠሩት።

ከዚያ ልጅቱ በቀስታ ታስረዳቸው ጀመር። በዓለም ላይ ከሚበቅለው ሩዝ አብዛኛው የሚበላው እዚያው በበቀለበት አገር ውስጥ ነው አለቻቸው። ባሕር ተሻግሮ የሚሸጠው የተረፈው ጥቂቱ ነው፤ ያንን ጥቂት የሚጠብቀው አፍ ግን ብዙ ነው። ስለዚህ ከትልልቆቹ ሻጮች አንዱ ነቅነቅ ሲል ሁሉም ቦታ ይናወጣል። በዚያ ዓመት ብዙ ሩዝ የሚሸጥ አንድ አገር ድርቅ ይመጣብኛል ብሎ ፈራና ጎተራውን ዘጋ። ዋጋውም ሰማይ ወጣ። አባቷ በዘር ወቅት ለወንድሙ የነገረው ያንን ዋጋ ነበር። ድርቁ ሳይመጣ ቀረ። ጎተራው ተከፈተና በመርከብ የመጣው ሩዝ ልክ እነሱ በሚያጭዱበት ሰሞን ወደቡ ላይ ፈሰሰ።

"እሺ ይፍሰስ" አሉ ጋሽ ሚዛን። "የኔን ማሳ ያላየ አገር የኔን ሩዝ ምን አገባው?"

"ከተማ ያለው ባለሱቅ ሁለቱን ሩዝ አጠገብ ለአጠገብ አድርጎ ያያቸዋላ። የመርከቡ ነጭ ነው፣ ደረቅ ነው፣ ስባሪ የለውም፤ በዚያ ላይ ረከሰ። የእኛ እርጥብ ነው። እርስዎ ባለሱቁ ቢሆኑ የትኛውን ያነሡ ነበር?"

ጋሽ ሚዛን በመስኮቱ ውጭውን ያዩ ጀመር። ውሃ የተኛባቸው ማሳዎች አንድ በአንድ ያልፋሉ። እንዲህ ዝም ያለ ሽማግሌ የተሸነፈ ሊመስላችሁ ይችላል፤ ጋሽ ሚዛን ግን ነገሩን ደግመው እየለኩት ነበር።

"እንግዲያው እኔ ነኝ ልክ" አሉ በመጨረሻ። "ጎተራውን የዘጋው ሰው ነው። የከፈተውም ሰው ነው። ጣሉት እንጂ አልወደቀም።"

ልጅቱም፣ "ልክ ነዎት" አለች። "ሰው ነው የጣለው። ግማሾቹ ሕዝባቸው እንዳይራብ ፈርተው፣ ግማሾቹ በዚያ ፍርሃት ሊያተርፉ። እኔ የምሠራበት ቤትም የዚያን ዓመት አትርፏል፤ አልዋሽዎትም። ግን አጎቴ፣ አባዬ ከጣሉት ጋር አልነበረም። ከእርስዎ ጋር ከሥር ነው የቆመው። ሲወድቅ እሱም ላይ ነው የወደቀው።"

"እሱ ላይ ምን ወደቀበት? አዝመራው እንዳለቀ ትልቁን ማሽን ጭነት መኪና ላይ ሲያስጭን በዓይኔ አይቻለሁ። በኔ ላብ ሌላ ትልቅ ሊቀይርበት።"

ልጅቱ ብርድ ልብሱን ጭኗ ላይ አስተካከለች። ስትናገር ድምፅዋ ዝቅ ብሎ ነበር። "የሄደው ማሽን ከዚያ ወዲያ በሌላ ተተክቶ ያውቃል? አባዬ ከእርስዎም ከሌላውም የገዛውን በመርከቡ ዋጋ ሸጠው። ለእርስዎ የነገረው የወረደ ዋጋ እንኳ ከተማው ከሚሰጠው ይበልጥ ነበር። ጉድለቱን የሞላው ማሽኑን ሸጦ ነው።"

ያን ጊዜ ጋሽ ሚዛን ጆሯቸው ውስጥ አንድ ድምፅ መጣባቸው። ድሮ የወንድማቸው መፈልፈያ ሲነሣ መስኮታቸው ይንቀጠቀጥ ነበር። ከዚያ ዓመት ወዲህ ከታች የሚሰማው ቀጭን፣ የሚያስል የሚመስል ድምፅ ነው። በየቀኑ ሲሰሙት ኖረዋል። ሁሉን ነገር ሁለት ጊዜ የሚለኩ ሰው ይህንን አንድ ጊዜ እንኳ አልለኩትም።

"ለምን አልነገረኝም?" አሉ።

"ነግሮዎት ነበር እኮ፣ አጎቴ። ዋጋው ወደቀ ብሎዎት ነበር።"

ረዳቱ "ሆስፒታል ወራጅ" ብሎ ሲጣራ ልጅቱ ተነሣች። እሳቸውም ተነሡ። ረዳቱ እህል ገበያው ገና እንደሆነ ሊነግራቸው ሞከረ፤ ሰምተው እንዳልሰሙ ሆነው ወረዱ።

ወንድማቸው መስኮቱ ሥር ነበር የተኛው፤ ከስቶ ትራሱ ውስጥ ሰምጧል። ልጅቱ ብርድ ልብሱን ደርባለት ራቅ ብላ ቆመች። ጋሽ ሚዛን መንገድ ላይ ያዘጋጁት ንግግር ሁሉ ጠፋባቸው። "አልሰማሁህም" አሉ ብቻ። "ያን ጊዜ ነግረኸኛል፣ እኔ ነኝ ያልሰማሁህ።"

ወንድማቸው ዞር ብሎ አያቸው። ከዚያ ዓይኑ በብብታቸው ወዳለችው ከረጢት ወረደ። ነጋዴ ነዋ። እጁን ዘረጋ። አንድ ፍሬ አወጡና መዳፉ ላይ አኖሩለት፤ ወደ አፉ ወስዶ በጥርሱ ነከስ አደረገው።

"አልደረቀም" አለ። ድምፁ እንደ ትንፋሽ ነበር። "ዘንድሮም እርጥቡን ተሸክመህ ልትዞር ነው፣ ወንድም ጋሼ?"

ጋሽ ሚዛን ሳቁ፤ ሳቃቸው ግን መሀል ላይ ተቆርጦ ሌላ ነገር ሆነ። ወንድማቸው እጃቸውን ይዞ በሚያልቅ ትንፋሹ ምክሩን ነገራቸው። ሩዙን ሲሚንቶ ላይ አስጥታችሁ አድርቁ፤ ሁላችሁም በአንድ ቀን አትሽጡ፤ የእኔን መጋዘን አብራችሁ ተጠቀሙበት፤ ከመዝራታችሁም ከመሸጣችሁም በፊት ዋጋውን ከልጄ ጠይቁ አላቸው። እሳቸውም ለእያንዳንዱ እሺ አሉ። ያ ሳምንት ሳያልቅ ወንድማቸው አረፈ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልበላችሁ፣ ልጆቼ። ስንት ዓመት የተጣሉ ሰዎች በአንድ ከሰዓት ታረቁ ብሎ ማውራት ደስ ይላል። ጋሽ ሚዛን ግን ያ ከሰዓት አልበቃቸውም። ወንድማቸው ቤት በር ላይ የሚቀመጡባቸው፣ ስለ ዝናብ እየተከራከሩ የሚያሳልፏቸው ቀኖች ሁሉ ባዶ አልፈዋል፤ እነሱን የሚመልስ ገበያ የለም።

የቀረላቸውን ግን አደረጉ። መንደርተኛውን ሰብስበው ማኅበር አቋቋሙ። የመፈልፈያው ግቢ ሲሚንቶ ፈሰሰበትና ማስጫ ሆነ። ልጅቱ በየሳምንቱ ከወደቡ ስልክ ትደውላለች፤ የትኛው አገር ጎተራውን እንደዘጋ፣ ስንት መርከብ እንደሚጠበቅ ትነግራቸዋለች። ጋሽ ሚዛን ደግሞ ራሳቸው በገባቸው መንገድ ለሌላው ያስረዳሉ። የደረቀ ሩዝ መጠበቅ ስለሚችል፣ ሲመቻቸው ጥቂት ጥቂት እየሸጡ ሲከፋ ማቆየት ቻሉ። ባለሱቆቹም ስባሪ የሌለበትን ሩዝ ፈልገው መምጣት ጀመሩ። ማንም ሀብታም አልሆነም። ነገር ግን አንድ መጥፎ ወር የአንድን ቤት ዓመት ይዞ የሚሄድበት ጊዜ አበቃ።

በሚቀጥለው ዓመት ዋጋው እንደገና ወረደ። አንድ ወጣት ገበሬ መፈልፈያውን በሚያንቀሳቅሰው ሠራተኛ ላይ ጮኸበት፤ ሌባ ነህ አለው፣ ከዛሬ ጀምሮ ሰላም እንዳትለኝ አለው። ጋሽ ሚዛን ክንዱን ይዘው ወደ ጥግ ወሰዱት። የመርከቡን ነገር ከመጀመሪያ ጀምረው በትዕግሥት አስረዱት፤ ልጁ ግን ቁጣው አልበረደለትም።

"ተናደድ" አሉት። "መናደድህ ልክ ነው። ሰላምታውን ግን ዛሬውኑ፣ እኔ እያየሁህ ሂድና ስጠው። ነገ እሰጠዋለሁ አትበል።"

ልጁ አመንትቶ ሄደ። ጋሽ ሚዛን እዚያው ቆመው፣ ሁለቱ ሰዎች እጅ ለእጅ እስኪያያዙ ድረስ ጠበቁ።