በእኔ ጉሮሮ የተለካው ዳርሙ

እትዬ ቬርዛ፣ እንዴት ዋሉ? ጉልበትዎንስ ተሻለዎት? ወንፊትዎን ልመልስ ብዬ ነው ብቅ ያልኩት። አይ፣ አልቀመጥም… እሺ፣ ትንሽ ልረፍ። ዛሬ ሁለቱም ፀሐዮች አንድ ላይ ወጥተው አናቴን ሲቀቅሉት ዋሉ። ሽንብራዎ ደርሷል አሉ፤ ደስ ይላል። የእኔማ… ይተዉት፣ የእኔ ሽንብራ የማን እንደሆነ ገና አልተጣራም።

ድምፄ ሻከረብዎት አይደል? ትናንት መሬቴ ተለካ። ቶርጌን ከሞተ አርባ ቀን ሞላው፤ ደንቡን ያውቁታል፣ ባል ሲሞት መሬቱ በሚስት ጉሮሮ እንደገና ይለካል። እኔ ሞኟ ምን ባደርግ ጥሩ ነው? አርባውን ቀን ሙሉ እሪ ብዬ አለቀስኩ! ብልህ ሴት ድምጿን ለልኬቱ ቀን ትቆጥባለች። የጉልዴ ሚስት ባሏን በሹክሹክታ አልቅሳ ቀበረች፤ በልኬቱ ቀን ግን አገር አናወጠች። ያኔ ከእርስዎ ጋር ቁጭ ብለን አምተናት ነበር፣ አስታወሱ? ከምናማት ሄጄ ብማር ይሻለኝ ነበር። ድምፄን ለሟች ሰጥቼ እኔ በቁራጩ ቀረሁ።

ቢሆንም ሰባት ቀን ጥሬ እንቁላል በማር ጠጣሁ። ትናንት ማለዳ ደጃፌ ላይ ቆሜ እንደ ደንቡ የአባቴን ስም ተጣራሁ። እንደ ተሰነጠቀ ማሰሮ ነው የጮህኩት፣ አልዋሽም። ግን ጮህኩ! የጎረቤት ሕፃን ከእንቅልፉ ነቃ። ላሜ ከተራራው ማዶ ሰምታኝ ክንፏን እያርገበገበች መጥታ ጣራዬ ላይ አረፈች፤ ላም አለኝ በሰማይ ስል የሚስቅብኝ ሁሉ መጥቶ ይያት። ሰሚው ግን… ድምፅ እየሰማ እንዲራመድ፣ መስማት ሲያቅተው ችካሉን እንዲተክል የተሾመው ሰው… ሃያ ስድስት እርምጃ ሄዶ ቆመ። አንገቱን ዘንበል አደረገ። አዘነልኝ። ከዚያ ተከለው። ይኸው፣ የእኔ አንድ ዳርሙ! ቶርጌን ሲጮህ እኮ አንዱ ዳርሙ ሦስት መቶ እርምጃ ነበር።

እንዴት ያለ ጨዋ ሰው ነው ግን! ስሙን አልጠራም፤ ጨዋ ሰው ስሙ ሲነሳ ያፍራል። ደግሞስ በጉባኤው መሀል እሱ ሰሚ ይሁን ብላ መጀመሪያ እጇን ያወጣችው ማን ናት? እኔው! «እንደሱ የሚሰማ የለም፣ የድስት ክዳን ሲነሳ ከሦስት ቤት ማዶ ይሰማል» ብዬ የመሰከርኩት በዚሁ አፌ ነው። ምስክርነቴ አልተሳሳተም፤ ለድስቱ እስካሁን አንደኛ ነው። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል የሚሉት ለአፍ ይመስለኝ ነበር። ለካ ጆሮም ይበላል…

እንዲያውም ሲሰማ አይቼዋለሁ። ባለፈው ወር የአማቹ መሬት ሲለካ አልነበሩም? ነበሩ ለካ፣ ከፊት ቆመው ነበር። ያ አማቹ፣ ጨው አቀብሉኝ ለማለት እንኳ ሰው የሚልክ ዓይነ አፋር፣ የአባቱን ስም ለገዛ ጢሙ አንሾካሾከለት። እኔ ከጎኑ ቆሜ አልሰማሁትም። ሰሚያችን ግን ሄደ፣ ሄደ… ወንዙ ባያስቆመው እስካሁን መንገድ ላይ ነበር። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ይላሉ፤ የአንዳንዱ ግን ለባዳ ባዳ፣ ለዘመድ ዘመድ ነው። ያን ቀን እኔ ምን አልኩ? አጨበጨብኩ! የሰው መሬት ሲሰፋ ማጨብጨብ ምን ይጎዳል ብዬ፣ መዳፌ እስኪቀላ።

ምነው፣ ፊትዎ ተለወጠ? እኔ የልጅዎን ስም ጠራሁ? በመንደሩ አንድ ሰሚ ብቻ ቢኖርስ፣ ስለ ሌላ መንደር ሰሚ ባወራስ?

መሬቱ እኮ አይደለም ያንገበገበኝ… ነው እንጂ፣ ምን አስዋሸኝ። ምንጩ ነው። ቶርጌንና እኔ አራት ዓመት ድንጋይ ፈልፍለን ያወጣነው ምንጭ ሰማንያኛው እርምጃ ላይ ነው። የእኔ ድርሻ ሦስት ዳርሙ፤ ሃያ ስድስት፣ ሃያ ስድስት፣ ሃያ ስድስት… ሰባ ስምንት ላይ አለቀ። ሁለት እርምጃ፣ እትዬ ቬርዛ! ከችካሉ ወዲያ ያለው ለአዋሳኙ ይሆናል፤ አዋሳኜ ደግሞ ማን ሆኖ ተገኘ? አማቹ! ትናንት ከሰዓት እንስራዬን ተሸክሜ፣ ውሃዬን ከችካሉ ወዲህ ሆኜ አየሁት። ከዚያ ፈቃድ ልለምን ሄድኩ። ሰውየው በሹክሹክታ መለሰልኝ። እሺ ይበል እንቢ ይበል እስካሁን አላወቅኩም፤ ድገመው እንዳልለው አፈርኩ። ባዶ እንስራ ይዤ «እግዜር ይስጥልኝ» ብዬ ተመለስኩ። እንደኔ ያለ ጅል አይተው ያውቃሉ?

ልሂድ እንግዲህ። ወንፊቱን እዚህ ጋ ሰቅዬዋለሁ። አይነሱ፣ አይነሱ፣ ጉልበትዎ! ሳልመርቅዎትማ አልወጣም። ፈጣሪ ዕድሜዎን ያርዝመው፤ ጥርስዎ እስኪረግፍ፣ ፀጉርዎ ጥጥ እስኪመስል ያኑርዎት። ልጅዎንም ከአጠገብዎ አያርቅብዎት። እርጅና አልጋ ላይ ሲጥልዎት፣ አቅም አጥተው ከጓዳ ሆነው በስሙ ሲጠሩት… ያ ጨዋ ሰሚ እኔን እንደሰማኝ፣ ልጅዎም እርስዎን ይስማዎት።