ለፊልም የተደገሰው ሰርግ

በእኛ ጊዜ፣ ልጆቼ፣ ጋይንት ውስጥ ፊልም ያየ ሰው ማን ነበር፤ እኔ ግን ሥራዬ ለፊልም ሰው መምረጥ ነበር። ምን ያስቃችኋል፣ እውነቴን ነው። በጃንሆይ ዘመን ፊልም አንሺዎች ከአዲስ አበባ እየመጡ አንዴ ስማዳ፣ አንዴ እስቴ፣ አንዴ እዚህ ይሰፍራሉ፤ ታዲያ አገሩን የሚያውቅ፣ ፊደል የቆጠረ ሰው ሲፈልጉ እኔን አገኙ። አለቃቸው "ሽማግሌ አምጣ" ይለኛል፣ አመጣለሁ፤ "ሽፍታ የሚመስል አምጣ" ይለኛል፣ አመጣለሁ። አርብ ገበያ ሄጄ እቆምና ሰው ዋጋ ሲከራከር አያለሁ። መልክ አይደለም የማየው፣ ስሙኝማ፤ በክርክሩ መሐል ሰው ያየኛል ብሎ የማያስበውን፣ እሱን እይዛለሁ። እንዲያ ያለው ሰው ካሜራ ፊት ሲቆም አይደነግጥም። እና ስሜ ወጣ፣ "ሰው መራጩ" ተባልሁ፤ የዛሬን አያድርገውና ደረቴን ነፍቼ ነበር የምሄድ።

ታዲያ አንድ ዓመት አለቃው መጣና "የገጠር ሰርግ እናነሳለን፣ ሙሽራ ፈልግልኝ" አለኝ። እኔም የሺን አሰብሁ። የሺ የጎረቤታችን የአያ ደሴ ልጅ ናት፤ እናቷን ስታስታምም ዕድሜዋ ሃያን አልፏል፣ ያኔ ይሄ ዘገየች የሚያስብል ነው። እናቷ ካረፉ ወዲህ ግን ከእስቴ ሽማግሌ ሊልኩባት ነው ይባል ነበር። እና አያ ደሴን "ጨዋታ ነው፣ ቄስ የለበት፣ ውል የለበት" ብዬ ለመንሁ። አያ ደሴ ጢማቸውን እያሻሹ፣ "ጨዋታ ከሆነ ይሁን፤ ብቻ ልጄን አደራ" አሉኝ። አደራ አሉኝ፣ ትሰማላችሁ? እኔም "በእኔ ይጣሉት" አልሁ።

ሙሽራውን ከወገዳ አመጣሁ፣ ዘንካታ ጎረምሳ፤ ፊልሙ ሲያልቅ አገሩ ይገባል። አለቃው ግን "ሰርጉ እውነት መምሰል አለበት" ብሎ ሰንጋ አሳረደ፣ ጠላ አስጠመቀ፣ ዳስ አስጣለ፣ እና አገሩ ሁሉ መጣ፣ በላ፣ ጠጣ፣ ጨፈረ። የሺ በቅሎ ላይ ስትወጣ ጊዜ አያ ደሴ ማንም ሳያዛቸው ተነሡና "የአብርሃምና የሣራ ያድርግላችሁ" ብለው መረቁ፣ እንባም መጣባቸው። ሕዝቡ ሁሉ አሜን አለ። እኔም አብሬ አሜን አልሁ።

ፊልም አንሺዎቹ ሄዱ፣ ጎረምሳውም ወገዳ ገባ። የእስቴዎቹ ሽማግሌዎች ግን ሳይመጡ ቀሩ። እስቴ ድረስ ሄጄ "ኧረ ጨዋታ ነበር" ብላቸው፣ ትልቁ ሽማግሌ ጋቢያቸውን ሰብሰብ አድርገው ምን ቢሉኝ ጥሩ ነው፤ "አንተ ልጅ፣ ያ በሬ በጨዋታ ነው የታረደ? እኔ ራሴ በልቻለሁ። አባት ሲመርቅ አሜን ብያለሁ። አሜን ብዬ የዳርኋትን ልጅ ደግሜ ለሌላ ልጠይቅ?" አሉኝ። እዚህም እንዲያው ሆነ፤ ሴቶቹ ወንዝ ሲወርዱ "ባሏ በማግስቱ ጥሏት የሄደ" ይሏታል። አያ ደሴ ቤተ ክርስቲያን ሲያገኙኝ ፊታቸውን ያዞራሉ፤ ቢሰድቡኝ በወደድሁ። ሰው "ሰው መራጩ" ሲለኝ የምገባበት ይጠፋኛል። አፈርሁ፣ ልጆቼ፤ ዛሬም ሳወራው ፊቴ ይግላል።

ታዲያ ሥራውን ተውሁና ድንጋይ ተሸክሜ አያ ደሴ ደጅ ወደቅሁ። "ልጅዎን ለእኔ ይስጡኝ" አልሁ። እሳቸውም "ውሰድ፤ ድግሱ እንደሁ ተበልቷል" አሉ። እና ያለ ዳስ፣ ያለ እልልታ፣ ከኋላ ከኋላዬ እየተከተለች ቤቴ ገባች። ይቺው ናት፣ እዚያ ጥግ ምስር የምትለቅመው፣ አያታችሁ የሺ። ብቻ ጥፋቴን ክሻለሁ ብዬ እጽናናለሁ።

አያታችን እማማ የሺ እጃቸውን ከምስሩ ሳያነሡ፣ "ሁለት ጊዜ ባል መርጦልኛል" አሉ። "አንዴ ያን የወገዳውን፣ አንዴ ራሱን። አባቴ ያሉትን አወራላችሁ፣ ሽማግሌው ያሉትን አወራላችሁ። እስቲ የሺስ ምን አለች በሉት። አያውቀውም፤ አልጠየቀኝማ።"